የአቶ ዜሌንካ አረማመድ

ሚስተር ቶፍል ጋዜጣ ላይ አንድም ቀን ተራምዶ አያውቅም። በየማለዳው በአራት ትንንሽ ሣጥኖች ውስጥ ተሥሎ ብቅ ይላል። በመጀመሪያው ቆሞ ይጎርራል፣ በሁለተኛው የሆነ ሰው ይመጣበታል፣ በሦስተኛው አየር ላይ ተገልብጦ ይታያል፣ በአራተኛው መሬት ላይ ተዘርሯል። ሀብቱን ጨርሶ ኪሱ ባዶ የቀረ፣ ጌትነቱን ግን አልለቅም ያለ ቦርጫም ሰውዬ ነው። ኒው ዮርክ ውስጥ ቁርሱን እየበላ እሱን የማያይ ሰው አልነበረም ማለት ይቻላል። ከአንዱ ሣጥን ወደ ሌላው እንዴት እንደሚሄድ ግን ማንም ጠይቆ አያውቅም።

ጥያቄው የመጣው ጊልፎይል የሚባል አየርላንዳዊ ሚስተር ቶፍልን ለሲኒማ ሊሠራው ከጋዜጣው ፈቃድ የገዛ ጊዜ ነው። ጊልፎይል ብሮንክስ ውስጥ አንድ የድሮ የፒያኖ መጋዘን ተከራይቶ፣ ጥቂት ሰዓሊዎች ቀጥሮ፣ የሚንቀሳቀስ ሥዕል ያሠራ ነበር። ከሰዓሊዎቹ አንዱ ቦሁሚል ካድሌትስ ነው። ቀጭን፣ ጣቶቹ ሁልጊዜ ቀለም የነካቸው፣ ከቼክ ስደተኞች የተወለደ የሃያ አራት ዓመት ወጣት።

"ይሄን ሰውዬ አስኪድልኝ" አለው ጊልፎይል፣ የተቆረጠ ጋዜጣ ጠረጴዛው ላይ እየጣለ።

"እንዴት ነው የሚሄደው?"

"እኔ ምን አውቄ። የጋዜጣውን ሰዓሊ ብጠይቀው፣ 'እኔ የሚከፈለኝ ለማቆም ነው፤ ማስኬዱን እናንተ ተወጡት' አለኝ።"

ቦሁሚል ሞከረ። ከሥሩ መብራት ባለው መስታወት ላይ ወረቀት በወረቀት ደርቦ፣ እግሩን በጥቂት በጥቂቱ እያራቀ ሣለ። እያንዳንዱ ወረቀት በካሜራ ይነሳል። አንድ ሙሉ እርምጃ የሚወጣቸው ጥቂት ወረቀቶች ከተገኙ፣ እነሱኑ እየመላለሱ እያነሱ ሰውየውን ከተማውን ሁሉ ማዞር ይቻላል። ሚስተር ቶፍል ግን እግሩን ከፈተ፣ ዘጋ፣ ከፈተ፣ ዘጋ። መራመድ አልሆነለትም።

"ሰው አስኪድልኝ አልኩህ እንጂ መቀስ ሥራልኝ አልኩህ?" አለ ጊልፎይል። "እስከ ነገ ካልሄደልኝ ለኦስካር ነው የምሰጠው።"

ኦስካር ቀጥሎ ካለው ጠረጴዛ ቀና ብሎ ፈገግ አለ። ክፉ ሰው አይደለም፤ ግን ሥራውን ይፈልገዋል።

ቦሁሚል ወረቀቶቹን ጠቅልሎ ከሰዓት በኋላ ወደ ቤቱ ሄደ። ቤቱ ማለት በሰባ ሁለተኛው መንገድ ሦስተኛ ፎቅ ላይ፣ ከአቶ ዜሌንካ ቤት የተከራያት አንዲት ክፍል ናት። አቶ ቫትስላቭ ዜሌንካ ፋብሪካ ውስጥ ሲጋር ጠቅልለው የሚያድሩ፣ ሚስታቸው የሞተችባቸው ሰው ናቸው። ልጃቸው ሊዳም እዚያው አጠገባቸው ተቀምጣ የትምባሆ ቅጠል ትዘረጋለች። የቦሁሚል እናት የሞተች ሰሞን ማንም ሳይለምናቸው መጥተው፣ "ሻንጣህን ይዘህ ና፤ ክፍሏ ባዶዋን ነው ያለችው" ያሉት እሳቸው ናቸው። ከሊዳ ጋር ደግሞ አንድ ነገር ነበራቸው። አፍ አውጥተው አልተነጋገሩበትም እንጂ ሁለቱም ያውቁታል፤ አባትየውም ሳያውቁት አልቀሩም።

ቦሁሚል መስኮቱ ላይ ተደግፎ ሲቆዝም፣ አቶ ዜሌንካ ከሥራ ሲመለሱ ከማዶ አያቸው። ወገባቸውን ቀጥ አድርገው፣ በየእርምጃው ጥቁር ባርኔጣቸውን ብድግ እያደረጉ ይመጣሉ። ለዳቦ ሻጯ ብድግ፣ ከጋሪ በረዶ ለሚያወርደው ሰውዬ ብድግ፣ በር ላይ ቆመው ለሚያወሩ ሴቶች ብድግ፣ ለማያውቁት መንገደኛ ብድግ። በዚያ ሠፈር ጨዋ ሰው ከተባለ አቶ ዜሌንካ ናቸው።

ቦሁሚል ግን ሠፈሩ የማያውቀውን ነገር ያውቅ ነበር። ከእናቱ ቀብር ሲመለሱ መንገዱ በረዶ ይዞ ስለነበር፣ አቶ ዜሌንካ በአንድ እጃቸው የእሱን ክንድ፣ በሌላው የሟቿን ዕቃ የያዘ ቅርጫት ይዘው ነበር። ሁለቱም እጆቻቸው ተይዘው ባርኔጣቸውን ማንሳት አልቻሉም። ቀኝ እግራቸው በየእርምጃው እየከዳቸው ትከሻቸውም አብሮት ሲወርድ ቦሁሚል ያየው ያን ጊዜ ነው። እሳቸውም እንዳየ አወቁ።

"ከልጅነቴ ነው" አሉት። "እግሬ ሲወርድ ባርኔጣዬን አነሳለሁ። የሰው ዓይን ወደሚነሳው ነው የሚሄደው፤ የሚወርደውን ማን ያያል? ይኸው ሽማግሌ እስክሆን እንዲህ ኖርኩ። ለሊዳ እናት እንኳ አልነገርኳትም።"

"ታዲያ ለኔ ለምን ነገሩኝ?"

"ዛሬ ፊቴ አልቅሰሃል። እኔ ያንተን አይቼ አንተ የኔን ሳታይ መቅረትህ ልክ አልመሰለኝም።"

ይህ ሁሉ መስኮቱ ላይ ቆሞ ሳለ ትዝ አለው። አለማስታወስማ አይባልም፤ አስታውሷል። እጁ ግን ቀድሞት እርሳሱን አንስቷል።

እግር ሲወርድ ባርኔጣ ይነሳል። ትከሻ ሲጎብጥ አገጭ ቀና ይላል። ሚስተር ቶፍል ወረቀቱ ላይ ተነስቶ መሄድ ጀመረ። ለካስ ጌትነቱ የነበረው እዚያ ነው፤ ለካስ ድህነቱም እዚያው ነው። ቦሁሚልን በደስታ ላብ አጠመቀው። የራሱንም ጨመረበት፦ ቶፍል ባርኔጣውን ለመብራት ምሰሶ ያነሳል፣ ለጋሪ ፈረስ ያነሳል፣ ማንም ለሌለበት ግድግዳ ያነሳል።

በማግስቱ ጊልፎይል ወረቀቶቹን በአውራ ጣቱ እያገላበጠ አየና ከት ብሎ ሳቀ። ሰዓሊዎቹ ሁሉ ተሰበሰቡ። ኦስካር ሳይቀር እጁን ጨበጠው።

"ከየት አመጣኸው ግን?" አለ ጊልፎይል።

"እንዲሁ መጣልኝ" አለ ቦሁሚል።

ሲመለስ ባቡር ውስጥ ቁጭ ብሎ ራሱን አጽናና። ቶፍል ቦርጫም ነው፤ አቶ ዜሌንካ ከሲታ ናቸው። ቶፍል አፍንጫው ድንች ያህላል። ማን ያውቃቸዋል? ደግሞስ ለሰው አልተናገረ፣ ስማቸውን አልጠራ። እንዲህ እያለ እስከ ሰባ ሁለተኛው መንገድ ደረሰ። ደረጃውን ግን ቀስ ብሎ ነበር የወጣው።

ፊልሙ ሁለተኛው ጎዳና ላይ ወዳለው ሲኒማ ቤት ሲደርስ፣ ቅዳሜ ከሰዓት በኋላ ሊዳን ይዟት ሄደ። አዳራሹ ጢም ብሎ ሞልቷል፤ ከፊት አንዲት ሴትዮ ፒያኖ ትመታለች። ሚስተር ቶፍል ከመጋረጃው ግራ ብቅ ብሎ መራመድ ሲጀምር ሰው በሳቅ ፈረሰ። ሊዳም ሳቀች። ቶፍል ለመብራት ምሰሶው ባርኔጣውን ሲያነሳ ግን ሳቋ መሃል ላይ ተቋረጠ። ክንዱን የያዘው እጇ ቀስ ብሎ ተነስቶ ጭኗ ላይ አረፈ።

ውጭ ሲወጡ ነው የጠየቀችው።

"አባባ ነው የነገረህ፣ ወይስ ራስህ ነህ የደረስክበት?"

"ምኑን?"

"ቦሁሽ፣ አታድክመኝ" አለችው፣ በቁልምጫ ስሙ ጠርታ።

"ነግረውኛል" አለ፣ ዓይኑን መሬት ላይ ጥሎ።

"እኔ ትንሽ ልጅ ሆኜ ነው የገባኝ። ከዚያ ወዲህ አንድ ቀን እግሩን አይቼ አላውቅም። ባርኔጣውን ነው የማየው። እንዲታይለት የሚፈልገው እሱን ነዋ።"

"ማንም አይለያቸውም ሊዳ። ቶፍል እኮ ቦርጫም ነው፣ አፍንጫውም..."

"ፊቱን ብትወስድበት ይሻል ነበር። ፊቱን ሰው ሁሉ ያየዋል።" ጥቂት ሄዱና ቆመች። "ከሌላ ሰው ሳይሰማ አንተው ንገረው።"

"እነግራቸዋለሁ።"

"መቼ?"

"ነገ፣ ከቤተ ክርስቲያን ሲመለሱ።"

በማግስቱ አቶ ዜሌንካ ከቤተ ክርስቲያን ተመለሱ፤ ሾርባ ጠጡ፤ ወንበራቸው ላይ አሸለቡ። ቦሁሚል ፊት ለፊታቸው ተቀምጦ ጋዜጣ ገለጠ። እስኪነቁ ልጠብቅ አለ። ነቁ። ፊታቸው ደስ ብሎታል፣ ዛሬስ አላበላሽባቸው አለ። እንዲህ እንዲህ እያለ ሳምንቱ ሄደ፤ ሌላውም ሳምንት ተከተለው።

ሁለተኛው ፊልም ሲወጣ የሠፈሩ ሰው ነቃ። ጋዜጣው ላይ ሦስት ዓመት ሙሉ ያላወቁትን ሰውዬ ሲራመድ ባዩት ጊዜ የአቶ ዜሌንካን አረማመድ አወቁ። መጀመሪያ ፀጉር አስተካካዩ ነው፤ አቶ ዜሌንካ ሲያልፉ በሩ ላይ ወጥቶ እጁን ወደ ግንባሩ ብድግ አደረገላቸው። ከዚያ የቢራ ቤቱ ጎረምሶች ተሰልፈው በየእርምጃው ባርኔጣቸውን ብድግ፣ ብድግ ማድረግ ያዙ። ያ ሁሉ ሰው ፊቱ ላይ ፈገግታ አለ።

"የሠፈሩን ሰው ምን ነካው?" አሉ አቶ ዜሌንካ እራት ላይ፣ ዳቦ እየቆረሱ። "ዛሬ አራት ጎረምሳ አንድ ላይ ሰላም አለኝ። ድሮ እኮ ፊታቸውን ነበር የሚያዞሩት።"

ሊዳ ሳህኗን ታያለች።

"ጨዋነት ጊዜ ይወስዳል እንጂ ይጋባል" አሉ ሽማግሌው። "ለካ ያየኝ ሰው ነበር።"

ቦሁሚል የቆረሰውን ዳቦ መልሶ አስቀመጠ። ውሃ አነሳና ጠጣ። ሊዳ ቀና ብላ ተመለከተችው፤ እሱ ጨው ፍለጋ ይመስል ጠረጴዛውን በዓይኑ ዳሰሰ።

በማግስቱ ቦሁሚል የጊልፎይል ቢሮ ገባ።

"አቶ ጊልፎይል፣ የቶፍልን አረማመድ ልለውጠው እፈልጋለሁ።"

"አብደሃል? ሲኒማ ቤቶቹ እኮ ሌላውን ትተው እሱን ነው የሚጠይቁት።"

"የተሻለ አመጣለሁ።"

"የተሻለ አልፈልግም፣ ያንኑ ነው የምፈልገው። ይልቅ ንገረኝ፤ ወረቀቱ የማን ነው?"

"የእርስዎ።"

"ቀለሙስ?"

"የእርስዎ።"

"ታዲያ አረማመዱ የማን ሊሆን ነው?"

ቦሁሚል አፉን ከፈተ። የማን እንደሆነ ቢናገር አቶ ዜሌንካን ሁለተኛ መሸጡ ነው። በሩን ዘግቶ ወጣ።

በሦስተኛው ፊልም ላይ ለማንም ሳይነግር ቶፍልን እንደ ማንኛውም ወፍራም ሰው እየተንገዳገደ እንዲሄድ አደረገው። ፊልሙ በወጣ ሳምንት ስልኩ በሲኒማ ቤቶች ቅሬታ መጮህ ጀመረ። ጊልፎይል አልተቆጣም። መሳቢያውን ስቦ የመጀመሪያዎቹን ወረቀቶች አወጣና ለኦስካር ሰጠው። ኦስካር ጎበዝ ነው፤ ባርኔጣውን ከበፊቱ ከፍ፣ እግሩን ከበፊቱ ዝቅ አደረገው። ሰው ከበፊቱም አብልጦ ሳቀ።

አቶ ዜሌንካ ደግሞ መጠየቅ አበዙ። "ፋብሪካው ውስጥ ያንተን ሥራ ያላየሁ እኔ ብቻ ቀረሁ እኮ። መቼ ነው የምትወስደኝ?"

"ያሁኑ ጥሩ አይደለም አባባ። የሚመጣውን ያያሉ።"

የሚመጣው መጣ፣ እሱም ጥሩ አይደለም ተባለ።

አንድ ቅዳሜ ቦሁሚል ከሥራ ሲመለስ ሊዳን በሩ ላይ አገኛት።

"አባባ ሲኒማ ሄዷል" አለችው። "እኔ ገበያ ሆኜ ነው የወጣው። ክራቫቱን አስሮ፣ ለጎረቤት 'ልጁን ባልጠበቀው ነገር ላስደስተው ነው፣ አይቼ መጥቼ አስተያየቴን ልሰጠው' ብሎ ሄደ።"

ቦሁሚል ደረጃውን እየዘለለ ወረደ። ሁለተኛው ጎዳና ሲደርስ ሰው ከሲኒማ ቤቱ እየወጣ ነው። አቶ ዜሌንካን ከሩቅ አያቸው። ሰዎች ዞር እያሉ ያይዋቸዋል፤ አንዲት ሴትዮ የባሏን ክንድ በክርኗ ነካች። እሳቸው ባርኔጣቸውን በእጃቸው ይዘው፣ እጃቸውን ወደ ታች ጥለው ይሄዳሉ። እግራቸው ይወርዳል፣ ትከሻቸው ይወርዳል፤ የሚነሳ ነገር የለም።

"አባባ" አላቸው።

"መጣህ ልጄ።" ድምፃቸው እንደ ወትሮው ነው። "ጥሩ ሥራ ነው። እጅህ የተባረከ ነው።"

ጎን ለጎን መሄድ ጀመሩ። ቦሁሚል ክንዱን ሊሰጣቸው አሰበና ፈራ።

"የመብራት ምሰሶውን ግን እኔ ሰላም ብዬው አላውቅም" አሉ አቶ ዜሌንካ።

"እሱን የጨመርኩት እኔ ነኝ።"

"ገምቻለሁ።"

እስከሚቀጥለው መታጠፊያ ሄዱ። ከዚያ እሳቸው፣ "እኔ እኮ ሰዎቹ ሰላም እያሉኝ መስሎኝ ነበር" አሉ።

"ልነግርዎ ፈልጌ ነበር" አለ ቦሁሚል። "በየቀኑ ልነግርዎ ስል..."

"እግሬን አይተህ ብትሥል ምንም አልነበረ። እግሬ መንገድ ላይ ነው፤ ማንም ያየዋል። ባርኔጣውን ግን እኔ ነኝ የነገርኩህ።"

"ይቅር ይበሉኝ አባባ።"

"ይቅር ብያለሁ" አሉ ወዲያው። ይቅርታውንም በጨዋነት ነው የሰጡት፤ ለማያውቁት መንገደኛ የሚሰጡትን ሰላምታ በሚመስል ጨዋነት። ቦሁሚል ከስድብ ይልቅ ያ ነው የከነከነው።

እራት ላይ አቶ ዜሌንካ ሾርባቸውን ጨርሰው አፋቸውን ጠረጉ። "ቦሁሚል፣ አንድ ነገር ላስቸግርህ ነው። የወንድሜ ልጅ ከቺካጎ ሊመጣ ነው። ክፍሏ ሳታስፈልገኝ አትቀርም።"

አቶ ዜሌንካ ወንድም እንደሌላቸው ሦስቱም ያውቃሉ።

"እሺ አባባ" አለ ቦሁሚል። "እስከ ወሩ መጨረሻ እወጣለሁ።"

"ጥድፊያ የለውም፤ ሲመችህ ነው" አሉና ውሃ ቀዱለት።

ብሮንክስ ውስጥ ከሥራው አጠገብ ክፍል አገኘ። ሥራውን ጥሎ ቢወጣ ኖሮ ቢያንስ ለራሱ የሚነግረው ነገር ይኖረው ነበር። አልወጣም። ሥራውን ይወደው ነበር፤ ሌላ የሚችለውም አልነበረው። ጊልፎይልን የለመነው አንድ ነገር ብቻ ነው፤ ከቶፍል አንስቶ ድመትና ውሻ ላይ እንዲመድበው። ኦስካር ግን አጠገቡ ተቀምጦ ቀኑን ሙሉ ያቺኑ እርምጃ ይሥላል። አንዳንዴም ወረቀቱን ወደሱ እያዘነበለ፣ "እግሩ እዚህ ጋ እንዴት ነበር?" ብሎ ይጠይቀዋል። ቦሁሚል ይነግረዋል።

ሊዳን አልፎ አልፎ በምሳ ሰዓት ከፋብሪካው ደጅ ያገኛት ነበር። አትቆጣውም፤ ትከሻዋ ግን ከትከሻው ራቅ ብሎ ነው የሚሄደው።

"አባባ ከዘራ ገዝቷል" አለችው አንድ ቀን። "ሐኪሙ ስንት ዓመት ሲለምነው እምቢ እንዳላለ፣ አሁን ራሱ ሄዶ ገዛ። ባርኔጣውን ትቶ ቆብ ነው የሚያደርገው። ዳሌውንም እንደ ድሮው አያመውም።"

ቦሁሚል ደረቱ ቀለል ሲለው ተሰማው። ፊቱ ላይ ሳይታይበት አልቀረም።

"ደስ እንዳይልህ" አለችው። "ይኼንን ብቻ እንዳታደርገው።"

ለፋሲካ አባቷ ይምጣና አብሮን ይብላ እንዳሉ ነገረችው። ቦሁሚል ያለችውን አንዲት ጥሩ ሸሚዝ አጥቦ ተኩሶ ሄደ። ሲገባ አቶ ዜሌንካ ጠረጴዛው ራስ ላይ ተቀምጠው ጠበቁት። ፀጉራቸው ተበጥሯል፤ ክራቫታቸውን አስረዋል።

"ተቀምጬ ስለተቀበልኩህ ይቅርታ፤ ጉልበቴ ዛሬ አላስቆም ብሎኛል" ብለው እጃቸውን ዘረጉለት። ሞቅ አድርገው ነው የጨበጡት።

ሊዳ የአሳማ ጥብስና ጎመን አቀረበች። ስለ አውሮፓው ጦርነት አወሩ፤ አገር ቤት ስላሉት ዘመዶች፣ ስለ ትምባሆ መወደድ አወሩ። ድመት ስትዘል ጅራቷ እንዴት ነው የሚሣለው ብለው ሽማግሌው ጠየቁት፤ ሲነግራቸውም ከልባቸው ሰሙት። ቦሁሚል ልቡ ትንሽ ተረጋጋ። ሁለተኛ ሳህን ተቀበለ።

ሊዳ ማድቤት ሳለች ሰናፍጩ የዕቃ መደርደሪያው ላይ መቅረቱን ሁለቱም አዩ። መደርደሪያው ከአቶ ዜሌንካ ጀርባ ነው፤ ሁለት እርምጃ አይሆንም። ሽማግሌው ዞር ብለው አዩትና መልሰው ወደ ሳህናቸው አቀረቀሩ። ቦሁሚል ተነስቶ አመጣው። ቆይቶ ደግሞ ዓይናቸው መስኮቱ ላይ ወዳለችው ፒፓ ሄደ። ከምግብ በኋላ ፒፓ ሳይዙ አይቀመጡም ነበር። አላነሷትም፤ አምጣልኝም አላሉም። ሁለት እጃቸውን ጠረጴዛው ላይ አጣምረው፣ "ክረምቱ ዘንድሮ ረዘመ" አሉ።

ያኔ ነው የገባው። ጉልበታቸው አይደለም። እሱ እዚያ ክፍል ውስጥ እስካለ ድረስ አቶ ዜሌንካ ከዚያ ወንበር አይነሱም። በገዛ ቤታቸው፣ በፋሲካ ቀን፣ ሁለት እርምጃ ተራምደው ፒፓቸውን አያነሱም።

ሳህኑ ላይ የቀረውን ቶሎ ቶሎ ጎረሰ። ሊዳ ኬክ ይዛ ስትመጣ ቆሞ ኮቱን እየለበሰ ነበር።

"ምነው? ገና ኬክ እኮ አልተቆረሰም" አለች።

"ሥራ አለብኝ" አላት። በፋሲካ ሥራ እንደሌለ ታውቃለች። አባቷን አየች፣ እሱን አየች፣ ኬኩን አስቀመጠች።

"እንግዲህ ሥራ ካለህ አናቆይህም" አሉ አቶ ዜሌንካ። "ስላየሁህ ደስ ብሎኛል ልጄ።"

ሊዳ እስከ በሩ ሸኘችው። አልከለከለችውም፤ መቼ ትመጣለህም አላለችውም። በሩ ተዘጋ። ደረጃው ላይ ጥቂት እንደወረደ ወንበር ሲሳብ ሰማ። ከዚያ እርምጃ፤ አንዱ ጠበቅ፣ አንዱ ጎተት እያለ ወደ መስኮቱ ሄደ። ቦሁሚል የደረጃውን ብረት ይዞ ቆመ። ማዳመጡም ያው ማየት መሆኑ ሲገባው ኮሌታውን ሰብስቦ ፈጥኖ ወረደ።